የዋሴ የክርስትና ስም

ሚያዝያ 14

ሙቀቱ አይጣል ነው። ዘጠነኛ ክፍል ገባሁ። የጥንት ግሪክና ሮም ወደቦች። ሰሌዳው ላይ ወደብ ሣልኩ... ማዕበል የሚያቆም ግንብ፣ ጫፉ ላይ እሳት የሚነድበት ማማ፣ ከግንቡ ውስጥ ተጠጋግተው የቆሙ መርከቦች። መርከቦቹ ጫማ መሰሉ። ልጆቹ ሳቁ። ሙናዬ ከኋላ ወንበር እጇን አውጥታ፣ "ቲቸር፣ ባሕር የሌለው አገር ሰው መርከበኛ መሆን ይችላል?" አለች። ልጆቹ ደብተራቸው ላይ አቀረቀሩ። ሌሎቹ ያውቃሉ። እሷ ከሐሙሲት የመጣች አዲስ ልጅ ናት፣ ከየት ትወቅ?

"ይችላል" አልኩና ወደሚቀጥለው ርዕስ ሄድኩ።

ስወጣ ሽንኩርት ገዛሁ። ሽሮ ሠራሁ። ግማሹን በላሁ።

ሚያዝያ 15

ለማን ነው የምጽፈው? ለራሴ ከሆነ ሁሉንም አውቀዋለሁ። ግን አንዳንዴ የማውቀው ነገር የሌላ ሰው ወሬ ይመስለኛል። እስቲ አንዴ ልጻፈው።

ባሌ ዋሴ ጣና ዳር ያለችው የቁሐር ሚካኤል መንደር ገበሬ ልጅ ነው። ባሕር ዳር ገብቶ የመርከብ ሞተር ተማረ። የሰው አገር የጭነት መርከብ ላይ ተቀጠረ። የመንደሩ ሰው "ባሕር የሌለው ባሕረኛ" እያለ ይቀልድበት ነበር። ጥር ላይ መርከቧ ከቀርጤስ ደሴት በስተደቡብ በማዕበል ሰጠመች። ጥቂቶች ተረፉ። የጥቂቶች አስከሬን ተገኘ። ዋሴ ከሁለቱም ወገን የለም።

ይኸው ነው። አላለቀስኩም። "ልጅ ነው" ብዬ ጽፌያለሁ ከላይ... "ነበር" ማለት ነበረብኝ። ይቅር፣ አልሰርዘውም።

ሚያዝያ 24

ቁሐር ሚካኤል ሄድኩ። ቄስ ኃይለ ሚካኤልን ፍትሐት እንዲያደርጉለት ለመንኳቸው። አርባው አልፏል፣ ሰማንያው አልፏል፣ ምንም አልተደረገለትም።

"አስከሬን ባይኖርም ይደረጋል፣ ልጄ" አሉኝ። "ግን የክርስትና ስሙን አምጭልኝ። ያለ ስሙ ማንን ብዬ ልጸልይ?"

አላውቀውም። ስድስት ዓመት ሚስቱ ነኝ፣ አላውቀውም። ፈቃዱ አጭር ስለነበረ ማዘጋጃ ቤት ነው የተፈራረምነው፤ "የቤተ ክርስቲያኑን ስመለስ" አለ። አንዴ ስጠይቀው ሳቀ። "እናቴ ለሰው አትናገር ብላኛለች።" ከሱ በፊት ሁለት ልጆች ሞተውባቸው ነበር፤ እሱን እንዳያጡት ስሙን ደበቁት። ያጠመቁት ቄስ አርፈዋል። የክርስትና አባቱም። የቀሩት እናቱ ብቻ ናቸው።

ከቤተ ክርስቲያኑ በቀጥታ እሳቸው ዘንድ ሄድኩ። እማማ ጸሐይነሽ ደጃቸው ላይ ሩዝ ያበጥሩ ነበር። የክርስትና ስሙን ስጠይቃቸው ቀና ሳይሉ፣

"ፍትሐት ለሞተ ሰው ነው። የኔ ልጅ አልሞተ።"

"እማማ፣ አራተኛ ወሩን እኮ..."

"ቅዱስ ጳውሎስሳ? እዚያው ባሕር ላይ አይደል መርከቡ የተሰበረ? ቄሱ ራሳቸው ሲያስተምሩ ሰምቻለሁ። በስባሪ ሳንቃ እየተንሳፈፉ ደሴት ገቡ። አንድ ነፍስ አልጠፋ።"

ምን ይመለስላቸዋል? የታሪክ አስተማሪ ነኝ። የጳውሎስ መርከብ ከእስክንድርያ ስንዴ ጭና ወደ ሮም የምትሄድ እንደነበረች አውቃለሁ። የመርከቧን ጭነት ማወቅ ለምን ይጠቅማል?

ሲመሽ ወደምኖርበት ወረታ የሚሄድ ባጃጅ ላይ ወጣሁ። ሹፌሩ ዘፈን ከፍቶ ነበር። ቀንስ አላልኩትም።

ግንቦት 6

ዛሬ ያስተማርኩት፦ የጥንት መርከበኞች በክረምታቸው ባሕር አይወጡም ነበር። በኛ አቆጣጠር ከኅዳር እስከ የካቲት ባሕሩ "ተዘግቷል" ይሉ ነበር። መርከብ ይታሰራል፣ ሸራ ይጠገናል፣ ሰው ቤቱ ይከርማል።

እያነበብኩ ድምፄ አልተለወጠም። ጥር እኮ መሐል ላይ ነው። በጥንቱ ሕግ ቢሆን ዋሴ ጥር ላይ እዚህ ቤት ተጋድሞ፣ "ይህ በር ለምን ይንጫረራል?" እያለ ይነዘንዘኝ ነበር። በሩ አሁንም ይንጫረራል።

የቤት ሥራ ሰጠሁ።

ግንቦት 11

ውኃ ስቀዳ የጎረቤት ሴቶች በአጥር ወዲያ ሆነው ሲያወሩ ሰማሁ። "ይች የአዲስ አበባ ልጅ ድንጋይ ናት። ጥቁር ለበሰች እንጂ አንድ ቀን እንባ አየንባት?"

ደግ ሴቶች ናቸው፣ ጥር ላይ ስንት ቀን አብረውኝ አደሩ። የተናገሩትም ልክ ነው። ጄሪካኑን ሞላሁና ገባሁ።

ግንቦት 20

ዛሬ ምንም የለም። መብራትም የለም።

ሰኔ 8

እማማ ጸሐይነሽ ለገበያ መጥተው ቤቴ ገቡ። ስሙን ከጠየቅኳቸው ወዲህ ሲመጡ የመጀመሪያቸው ነው። ውኃ ጠጡ። ግድግዳ ላይ የተጠቀለለውን የክፍል ካርታ አይተው፣ "ምንድር ነው?" አሉ።

አልጋው ላይ ዘረጋሁላቸው።

"ጣና ወየት ነው?"

አሳየኋቸው። የምስር ፍሬ ታክላለች። ብዙ አዩዋት። "እህሳ... ያ ባሕርስ?" እጃቸውን ይዤ አስቀመጥኩት። መዳፋቸው አልሸፈነውም። እንደገና አስተካክለው አስቀመጡ፣ አሁንም አልሸፈነውም።

"በዚያ በምታስተምሪው ዘመንስ ሰው ይሰጥም ነበር?"

"በጣም ብዙ።"

"እናቶቹሳ? ምን ያደርጉ ነበር?"

የማውቀውን ነገርኳቸው። አስከሬን ሳይገኝ ሲቀር ባሕሩ ዳር ባዶ መቃብር ይሠሩለታል፣ ድንጋዩ ላይ ስሙን ይጽፋሉ። ሦስት ጊዜም ስሙን ጮክ ብለው ይጠሩታል ይባላል፤ ነፍሱ ሰምታ ከባዕድ ውኃ ወደ አገሯ እንድትመለስ።

"አረማዊ ናቸው" አሉ። ቆይተው ደግሞ፣ "ይሰማ ነበር?"

"እኔ እንጃ፣ እማማ።"

ዋሴ በስልክ የነገረኝን ጨመርኩላቸው። የጥንት መርከበኞች ገመድ ላይ ከባድ ነገር አስረው፣ ሥሩን ሞራ ቀብተው ወደ ታች ይጥላሉ። ሞራው የባሕሩን ወለል ይዞ ይወጣል። ጭቃ ከያዘ ግብፅ ቀርቧል ማለት ነው፤ ዐባይ ያመጣው ጭቃ ስለሆነ። "የፎገራ አፈር እኮ ነው" ብሎ ነበር ዋሴ እየሳቀ። "እዚህም ድረስ ተከትሎኛል።"

"የኛ አፈር እዚያ ይደርሳል?"

"ዝናቡ ጠርጎ ጣና ያስገባዋል። ከጣና ዐባይ ይወስደዋል።"

ግድቦች እንዳሉ አልነገርኳቸውም። ነጠላቸውን አስተካክለው ወጡ። ስሙን አልጠየቅኳቸውም። ረስቼ ይሁን አዝኜላቸው... አላውቅም።

ሐምሌ 5

ትምህርት ተዘግቷል። ዝናብ ነው። ሜዳው በሙሉ ውኃ ሆኗል ይላሉ።

የዋሴ ታናሽ ወንድም አንለይ መጣ። ሱሪውን እስከ ጉልበቱ ጠቅልሎ፣ ጭቃ በጭቃ ሆኖ። ሩዝ አመጣልኝ። በር ላይ እንደቆመ፣

"እናቴን ተያት" አለኝ። "ስሙን ከጠየቅሻት ወዲህ እህል በወጉ አትቀምስም። አንች የምትጠይቂያት ስም ነው፣ እሷ የምትሰማው ግን ግደይው ስትያት ነው።"

"ፍትሐት ይገባዋል፣ አንለይ።"

"ይገባዋል። አንች ግን ለምን ቸኮልሽ?"

ሩዙን ተቀበልኩት። ከሄደ በኋላ አሰብኩት። እንዲያልቅ ነው የምፈልገው። ምኑ? ተሰምቶኝ የማያውቅ ነገር እንዴት ያልቃል? ፍትሐቱ ከተደረገ ሰው ሁሉ መጠየቁን ይተዋል፣ እኔም ዝውውር ጠይቄ አዲስ አበባ እገባለሁ። ይኸው፣ እውነቱ ይህ ነው።

ሩዙን ቀቀልኩ። ጨው አልጨመርኩበትም። በላሁት።

ነሐሴ 10

ትናንት ቁሐር አደርኩ። አንለይ "እናቴ ጠርታሻለች" ብሎ ስለደወለ ነው የሄድኩት። ጾም ስለሆነ እማማ ከቅዳሴ መልስ ብቻ ነው ትንሽ የቀመሱት። መደብ ላይ አነጠፉልኝ፣ ተኛሁ።

ጠዋት "ነይ" ብለው ቀደሙኝ። ከቤቱ ጀርባ ሩዙ ውኃ ውስጥ ነው፤ ከሩዙ ወዲያ ደግሞ ውኃ ብቻ። እማማ ቀሚሳቸውን ሰብስበው እስከ ባታቸው ገቡ። እኔ ዳር ቆምኩ። መሬቱ ይሰምጣል፣ ጫማዬን አወለቅኩ።

እጃቸውን አፋቸው ጥግ አድርገው ጠሩት። የክርስትና ስሙን።

ራቅ ያለ እርሻ ላይ ያለ ሰው ለምሳ እንደሚጠራው ነበር አጠራራቸው። ጠበቁ። ደግመው ጠሩት። ጠበቁ። ሦስተኛውን ጊዜ ድምፃቸው ተሰበረ፣ ስሙ ግን እስከ መጨረሻው ወጣ።

ጥርት አድርጌ ሰማሁት። ዋሴን አይመስልም። ከዚያ ደግሞ ወዲያው መሰለ። ሌላ ስም ሊኖረው አይችልም ነበር።

እማማ ወጡ። ፊታቸውን በነጠላቸው ጠረጉ።

"ሰማሽው?"

"ሰማሁት።"

"በይ እንግዲህ ውሰጅው። ጾሙ ሲፈታ ለቄሱ ትነግሪያቸዋለሽ። እኔ ከአፌ አውጥቻለሁ፣ ሁለተኛ አልችልም።"

ያገኘሁት ስንት ወር የፈለግኩትን ነው። ወረታ እስክገባ ድረስ ባጃጁ ውስጥ ስሙን እንዳልረሳው በልቤ እደጋግመው ነበር።

ነሐሴ 13

እየደጋገምኩት ነው። ሽንኩርት ስልጥ። ልብስ ሳጥብ። ለመርሳት ፈርቼ መስሎኝ ነበር...

ነሐሴ 14

ስጠራው ፊቱ ይመጣል። ከጥር ወዲህ ፊቱ መጥቶልኝ አያውቅም። ፎቶው እንጂ።

ነሐሴ 18

ዛሬ ከእማማ ጋር ቄስ ኃይለ ሚካኤል ዘንድ ሄድን። ቤተ ክርስቲያኑ ግቢ፣ ከዛፉ ሥር ድንጋይ ላይ ተቀምጠው ነበር። መስቀል አሳለሙን። እማማ ከጎኔ ተቀመጡ፣ ዓይናቸውን መሬት ላይ ጣሉ።

"እግዚአብሔር ያጽናችሁ። እንግዲህ ለእሑድ እናደርገዋለን" አሉ ቄሱ። "ስሙን ማን ልበል?"

አፌን ከፈትኩ። ስሙ ምላሴ ላይ ነው። ስንት ቀን ሙሉ አብሮኝ ሲበላ፣ አብሮኝ ሲተኛ የሰነበተ ስም። አሁን ለእኚህ ሰው ብሰጣቸው ከሙታን ጋር ይቆጥሩታል። እሑድ ጠዋት አንዴ ይጠሩታል፣ በዚያው ያልቃል። እንዲያልቅ አልነበር የፈለግኩት?

"አላውቀውም፣ አባ" አልኳቸው።

ቄሱ ግራ ገባቸው። ወደ እማማ ዞሩ። "እንዴ፣ ወይዘሮ ጸሐይነሽ፣ ነገርኳት አላሉኝም?"

እማማ ቀና አሉ። እኔን አዩኝ። እንደዚያ አይተውኝ አያውቁም። አሁን ይናገራሉ አልኩ በልቤ፤ ውሸቴን ያጋልጣሉ፣ ስሙንም ይሰጣሉ።

"እኔም ጠፋኝ፣ አባ" አሉ። "እርጅና ነው።"

ቄሱ ሁለታችንንም ተራ በተራ አዩን። አልተቆጡም። "እንግዲያው ሲታወሳችሁ ኑ" ብለው መስቀላቸውን አነሱ።

ስንመለስ መንገዱ ጭቃ ነበር። እማማ ክንዴን ያዙ፤ እኔን ሊደግፉ ይሁን እሳቸው ሊደገፉ አላወቅኩም። ትንሽ እንደሄድን ከጥር ጀምሮ ያልመጣው መጣ። መንገዱ አልታይ አለኝ። ድምፅ አውጥቼ አለቀስኩ፣ ከገበያ የሚመለስ ሰው ሁሉ እያየኝ። እማማ አይዞሽ አላሉኝም። ተይ አላሉኝም።

"ዳር ዳሩን ርገጭ" አሉኝ፣ "መሐሉ ያዳልጣል።"