«ድገመው» ያልኩበት ዘጠኝ ሰከንድ

ለክቡር አቶ ፍቅረ ሥላሴ
የ«ስልሳ ሜትር ቁልቁል» ዘጋቢ ፊልም ዳይሬክተር
አዲስ አበባ

ክቡር ሆይ፣ የእርስዎና የባለሙያዎችዎ ጤንነት እንደምን ሰንብቷል? እኛ በሰመራ፣ ሙቀቱን ካልቆጠርነው፣ አልሐምዱሊላህ ደህና ነን። ትንፋሻቸውን ብቻ ይዘው ባሕር ስለሚጠልቁ ሰዎች የሠሩትን ፊልም እዚህ ድረስ አምጥተው ስላሳዩን፣ ከእኔ ከተራው የሰርግ ካሜራማን የወሰዱትንም የ1996 ዓ.ም. ካሴት ከታላላቅ ጠላቂዎች ምስል ጋር ስላሰለፉልኝ ምስጋናዬ ወሰን የለውም። ይሁንና ጥቂት ቅሬታዎች አሉኝ፤ በትሕትና አቀርባለሁ።

1. ሟች ታናሽ ወንድሜን ኡበይዳን «የባሕር ልጅ» ብለውታል። ልጁ የኮምቦልቻ ነው። የጅቡቲ መስመር ሾፌር ሆኖ፣ ወደብ ላይ የጭነት ተራ ሲጠብቅ ነው ከዓሣ አጥማጆች ጋር ውሎ መጥለቅ የለመደው። ለጨመሩለት ማዕረግ እግዜር ይስጥልኝ።

2. ያን ቀን ጀልባ ላይ ሆኜ ስቀርጸው፣ ኡበይዳ መጀመሪያ ጠልቆ ሲወጣ ጀርባውን ለካሜራዬ ሰጥቶ ነበር። እርስዎም ከፊልሙ በኋላ መድረክ ላይ ወጥተው፣ ከምስሎቹ ሁሉ ይህ እንደሚበልጥብዎ፣ ፊቱ አለመታየቱም ውበት እንደሆነ አብራሩልን። ይህን ትምህርት የዛሬ ሃያ አንድ ዓመት ባገኘው ኖሮ ወንድሜ ዛሬ በሕይወት በኖረ።

3. ከዚያ ምስል ቀጥሎ ካሴቱ ላይ ዘጠኝ ሰከንድ ነበረች። ሙሽራን ሁለት ጊዜ ከመኪና የማወርድ፣ ኬክ ሦስት ጊዜ የማስቆርስ ሰው አይደለሁም? «ኡቤ፣ ፊትህ አልወጣም፤ አንዴ ድገመው» አልኩት። የጀልባዋን ጠርዝ ይዞ እያለከለከ፣ «ወንድምዬ፣ እኔንም ሙሽራ አደረግኸኝ?» ብሎ ሳቀ። ደገመው። አልወጣም። እርስዎ ዘጠኟን ሰከንድ ቆርጠው ዋሽንት አስገቡበት፤ ተራኪውም «ባሕሩ ዳግመኛ ጠራው» አለ። ባሕር መቼ ጠራው? የጠራሁት እኔ ነኝ።

ክቡር ሆይ፣ ለቤተሰቡ ሁሉ «በራሱ ፈቃድ ነው የደገመው» ስል ኖሬአለሁ። አፍሬ ነው። ካሴቱን ሳልቆርጥ የሰጠሁዎም በአፌ መናገር ያቃተኝን ፊልምዎ እንዲናገርልኝ ነበር፤ የኡበይዳ ባለቤት ፋሪሃ በጨለማው አዳራሽ ትሰማዋለች፣ እኔም ጫማዬን እያየሁ እቀመጣለሁ ብዬ። መብራቱ ሲበራ ግን ሁለት እጆቼን ይዛ፣ በሰው ሁሉ ፊት፣ «አላህ ይስጥህ፣ በአንተ ሥራ ዳግመኛ አየሁት» አለችኝ። እኔም አሜን አልኩ። ሐፍረት ሐፍረትን ሲወልድ እንዲህ ነው።

ስለዚህ ዘጠኟ ሰከንድ ወደ ቦታዋ እንድትመለስልኝ እጠይቃለሁ። ድምፄ ለፊልምዎ ጥራት የማይመጥን ከሆነ ይቅርታ ያድርጉልኝ፤ ስናገር ለሽልማት እንደሚቀርብ አላወቅሁም ነበር።

የሰውን ጥፋት ባለቤቱ ሳይለምን በዋሽንት ላጠቡ እጆችዎ ከወገቤ ጎንበስ ብዬ እጅ እየነሣሁ፣ ዘመንዎ በጭብጨባ የተሞላ እንዲሆን እመኛለሁ።

እጅግ አክባሪዎ፣
አብዱሰላም፣ የሰርግ ቪዲዮ አንሺ
ሰመራ

ግልባጭ፦ ለወይዘሮ ፋሪሃ
ገዋኔ

ድኅረ ጽሑፍ፦ ግልባጩን ገዋኔ ድረስ ወስጄ በእጄ ሰጠኋት። ሱቋ በር ላይ ቆማ እስከ መጨረሻው አነበበችው፤ አጣጥፋ መለሰችልኝና መጋረጃውን ጣለችው። እንግዲህ ዘጠኟን ሰከንድ ለመመለስ አይድከሙ፤ ዋሽንቱ ያምራል፣ ይቆይ።