የመሥሪያ ቤታችን ወረቀት መብሻ

ሰኞ፣ ኅዳር 2 ቀን 1972፣ ደብረ ብርሃን

ውርጭ። ሥራ ገባሁ፣ ደብዳቤ ፋይል ላይ ላስር ስል የወረቀት መብሻው እንቢ አለ። አይበሳም፣ ያኝካል። መዝገብ ቤቱ ያለው ደግሞ እሱ ብቻ። ጓድ ደምመላሽ፣ ያ አለቃ ተብዬ፣ የታኘከውን ወረቀት ከፍ አድርጎ ይዞ "ይሄ አሻጥር ነው!" አለ። "ሐሙስ ውይይት ክበብ ላይ ትጠየቅበታለህ።" ካድሬ ትምህርት ቤት ተቀምጦ ያመጣት ቃል ይቺው ናት። ዳቦው ቢያርበት አሻጥር፣ ዝናብ ቢመታው አሻጥር... ደንቆሮ።

ማክሰኞ፣ ኅዳር 3

መብሻውን ቤት ይዤ መጣሁ። ብርሃነሽ፣ "ደሞ የመንግሥት ብረት ቤቴ ምን ይሠራል?" ሚስቴ እውነቷን ነው። ብርጭቆ ወረቀት አጥፌ ደጋግሜ በሳሁበት፣ ስለቱ እንዲመለስ። ቀጥሎ የሲጋራ ፓኮ ውስጥ ያለችውን ብልጭልጭ ወረቀት። የስፌት መኪና ዘይት ጠብ አደረግሁበት። መጨረሻ ላይ ጧፍ የተቀባ ወረቀት፣ እንዳይነክስ። ተሻለው።

ሆዱን ከፍቼ ሳራግፍ ግን... ከነጩ የወረቀት ብጥስጣሽ መሃል ቡናማ ክቦች ወደቁ። ቆዳ! ማን ነው ቆዳ የሚበሳበት?

ረቡዕ፣ ኅዳር 4

አገኘሁት። ጓድ ደምመላሽ መፈክር ሊሰቅል እጁን ሲያነሳ ኮቱ ተገለጠ። ቡናማ ቀበቶው ጫፍ ላይ ሁለት አዳዲስ ቀዳዳዎች፣ በመሃላቸው ያለው ርቀት ልክ የመብሻው። እኛ ለስኳር ቀበሌ ተሰልፈን እንውላለን፣ ስለ ቁጠባ የሚሰብከን ሰውዬ ሆዱ ቀበቶ አልበቃው ብሏል። ሆዳም!

ነገ በሂስ ሰዓት እነሳለሁ። ቀበቶውን ሰው ሁሉ ያየዋል።

ለብርሃነሽ ነገርኳት። "ወልደአረጋይስ?" አለች። አምና እዚያው ክበብ ላይ አለቃ ነክቶ የተወሰደው ባልደረባዬ። እስከ ዛሬ አልተመለሰም።

ሐሙስ፣ ኅዳር 5

ተነሳሁ። "ጓዶች፣ በቸልተኝነቴ የመንግሥት ንብረት ዶልዱሟል። ግለ ሂሴን ተቀበሉኝ።" መጀመሪያ ያጨበጨበው ጓድ ደምመላሽ ነው።

ብርሃነሽ ምን እንዳልኩ አልጠየቀችኝም።

ሰኞ፣ ኅዳር 16

መብሻው አሁን ሸጋ ነው። ቤት እየወሰድኩ እስለዋለሁ።

ዛሬ ጓድ ደምመላሽ በሩን ዘጋና ቀበቶውን ፈትቶ ሰጠኝ። "ደሞ ጠበበኝ። አንተ እጅህ ይረጋል።" ፊቱ ላይ እፍረት ፈለግሁ... ምንም። እንደማልናገር መቼ አወቀ?

በሳሁለት። ጥርት ያለ ቀዳዳ። ከዚያ ጠርዙ እንዳይሻክረው ጧፍ ቀባሁለት። ይሄንን እንኳ ማንም አላዘዘኝም።