ከአሥር አለቃው ቀበቶ ላይ የቀረው ቋጠሮ

ኅዳር ፲፪ ቀን ፲፱፻፶፬ ዓ.ም.፣ ወረታ

ቀጥቃጩን ወንድሜን ዳኛው «በነጻ ይለቀቅ» ካለ ሰነበተ። አሥር አለቃው ግን አልለቀቀውም። የወንድሜ ጥፋት ለእሱ ያለ ዋጋ ማጭድ አልሠራም ማለቱ ነው። ለዚህ ተገረፈ፣ ለዚህ ታሰረ።

ዛሬ የዳኛውን ትእዛዝ ይዤ ጣቢያ ሄድሁ። አሥር አለቃው ሳቀብኝ። «ዳኛው ደብረ ታቦር፣ ቁልፉ እዚህ!» አለና ቀበቶውን መታ መታ አደረገ። ከዚያ ጥሎኝ ወደ ገበያ ወረደ።

ደሜ ፈላ። ተከትዬው እህል ተራ ስንደርስ «በሕግ አምላክ! በንጉሥ አምላክ!» ብዬ ጮኽሁ። ገበያው ቀጥ አለ። እሱም ሳይወድ በግዱ ቆመ። ያን ጊዜ የጋቢዬን ጫፍ ከቀበቶው ጋር ቋጠርሁት፤ አባቶቻችን ከሳሽና ተከሳሽን በልብስ አቆራኝተው ወደ ዳኛ ይሰዱ እንደነበረው።

«ቁራኛ ድሮ ቀርቷል፣ አንተ ሸማኔ! ፍታ!»

«የዳኛ ቃልስ መቼ ቀረ?» አልሁት።

ከቁሐር ሚካኤል የመጡ አንድ ሽማግሌ «አሥር አለቃ፣ ሕግ ተጠርቶብሃል፤ አብረኸው ሂድ እንጂ» አሉት። እሱ ግን ጩቤውን መዝዞ ጋቢዬን ቆረጠና ሄደ።

ማታ ቤት ስገባ ሚስቴ መርፌና ክር ይዛ «አምጣው ልጥቀመው» አለችኝ። እምቢ አልኋት። ነገ ደብረ ታቦር ወጥቼ ከዳኛው ፊት ይህንኑ ለብሼ እቆማለሁ። እሱ የቆረጠው ጋቢዬን ነው። ቋጠሮውንማ መች ፈታው፤ ከነቁልፉ ቀበቶው ላይ እንደተንጠለጠለ ገበያው ሁሉ አይቶታል።