የግራ ዐይኑ ኩል

ሐምሌ 5፣ 66 ዓ/ም። አቦ። ጧት።
ዛሬም ጭጋግ። ቁርስ ጎመን፣ ያለ ጨው። ልጄ አስናቁ የእሷን ድርሻ ለእኔ ትገፋለች። መልሼ እገፋለሁ። ጡቷ ነጥፏል። ሕፃኑ ያለቅሳል፣ ድምፁ ግን አይወጣም።
የግድግዳውን ሥዕል አቧራ ጠረግሁ። ሚስቴ የሺ ከሞተች ወዲህ እኔው ነኝ የምጠርገው። ደብተሬ፣ ፊደሌ ጠማማ ነው፤ ችለሽ ያዥው።

ሐምሌ 7። ሥላሴ።
ነጋዴው ይማም ከደሴ መጣ። አሮጌ ነገር ይሰበስባል፤ ጋሻ፣ ብራና፣ መስቀል። ሥዕሉን አይቶ ቆመ። ቅድመ አያቴ ነው፣ የራሱን መልክ በገዛ እጁ የሣለው አልሁት።
«አባ ደምሴ፣ ቅድመ አያትዎ ፈረንጅ ነበሩ እንዴ?»
ጠይሙ ቀለም አልቆበት ነው አልሁ። አባቴም እንዲሁ ይል ነበር።
የአንገቱን ነጭ ጥልፍ አሳየኝ። የባሕር ማዶ ሰው ነው፣ የባሕር ማዶ ሥራ ነው፤ ማን እንደሣለው ግን ወላሂ እኔም አላውቅ አለ። ሁለት ጆንያ ገብስ ልስጥዎ አለ። አይሸጥም አልሁ። አስናቁ ፊቷን አዞረች።

ሐምሌ 8።
አስናቁ ተቆጣችኝ። መካነ ሰላም ከተማ ሬዲዮው በየቀኑ የመኳንንት ስም እየጠራ እጅ ስጡ ይላል፣ እርስዎ የባለካባ ሥዕል ሰቅለው ዘሬ ነው ይላሉ አለች። ገብስ ግን አላነሣችም። አፍራ ነው። የሕፃኑ እግር እንደ ጭራሮ።

ሐምሌ 9።
ይማም ተመልሶ መጣ። ሥዕሉን ወደ በሩ ብርሃን አወጣው። ጣቱን ምራቅ አስነክቶ የግራ ዐይኑን ጠርዝ ዳሰሰ። ጣቱ ጠቆረ። ይሄኛው ዐይን በኋላ የተጨመረ ነው፣ ቀለም አይደለም፣ የሴት ኩል ነው፤ ሣዩ ይህን ጎን ጨለማ አድርጎት ነበር አለ። ኩሉ ካልጠፋ ገዢ የለውም። በጋዝ ይለቃል አለ።

የሺ ሙሽራ ሆና ስትመጣ የሥዕሉ ሰውዬ አንድ ዐይና ነበር። በቤተ ክርስቲያን ግድግዳ ባንድ ዐይን የሚሣለው ይሁዳ ነው፣ ከእሱ ጋር አላድርም ብላ ነጠላ ትጥልበታለች። አላወርድም አልሁ፤ እልኽ። አንድ ጊዜ ደጎሎ ገበያ አድሬ ብመለስ ነጠላው ተነሥቷል፣ ሰውዬው ሁለት ዐይን አለው። «ጭሱን ባጥበው ወጣ» አለችኝ። አመንሁ። ዘሬ ይሁዳ አይደለም እያልሁ ለአገሩ ሁሉ አወራሁ። እሷ አጠገቤ ተቀምጣ ትሰማለች። አንድ ቀን እንኳ አልሣቀችብኝ።
ከኩሏ ብልቃጥ። በገዛ እጇ። እኔ እንዳልዋረድ።

ሐምሌ 12። ሚካኤል። ጧት።
ሕፃኑ ማልቀስ ተወ። አስናቁ ታወዛውዘዋለች፣ ዐይኑን አይገልጥም። ይማም ዛሬ ወደ ደሴ ይወጣል። ገብሱን አምጣ፣ ሥዕሉን ውሰድ ብዬ ላክሁበት። ዐይኑን ግን እሱ አይነካትም። እኔው ነኝ።

ያው ዕለት። ከሰዓት።
ጨርቅ በጋዝ ነክሬ ጠረግሁ። መጀመሪያ ቅንድቡ ሄደ። ብሌኑ ቆየ። ከሥሩ ምንም የለም፣ ጨለማ ብቻ።
ገብሱ ገባ። አስናቁ አጥሚት አጥልላ ለሕፃኑ በጣቷ ታቀምሰዋለች። አንዴ ዋጠ።
ይማም ሥዕሉን እየጠቀለለ፣ ለገዢዎቹ ሣዩ ማነው ብዬ ልንገራቸው አለኝ። አላውቀውም አልሁ። ዕድሜዬን ሙሉ ያላልሁትን አልሁ። ዐይኑን የሣለችውን ግን አውቃታለሁ። እሷን አልጠየቀኝም።
ጨርቁ ጠቁሯል። አስናቁ ልታጥበው አነሣች።
ተዪው አልኋት።