ታከለ ስህተት አይደለም

አባዬ፣

እንዴት ነህ ብዬ መጀመር ከበደኝ። ከተለየኸን ሁለተኛው ክረምት ገባ። ኮሶዬ እንደምታውቃት ናት፤ ጭጋጉ ሲወርድ ከደጃችን ያለው የደባርቅ መንገድ እንኳ አይታይም። ግሬደርህን አሁን ሌላ ሰው ይነዳዋል። ሲመጣ እማዬ ድምፁን ከሩቅ ትለየዋለች፤ የያዘችውን ትታ በሩ ድረስ ትሄድና ትመለሳለች።

ካፖርትህ ከተሰቀለበት አልወረደም። አንዳንዴ ፊቴን እጅጌው ውስጥ እደብቃለሁ። የናፍጣው ሽታ እየሳሳ ነው፤ ይሄ ያስፈራኛል። ልጅ ሳለሁ ከጎንህ አስቀምጠኸኝ ናዳ ስትጠርግ፣ ጭጋጉ ከበረታ ክላክሱን እኔ እንድነፋ ትተውልኝ ነበር። ዓለም ሁሉ ለኔ መንገድ የለቀቀ ይመስለኝ ነበር።

የጡረታህ ጉዳይ አለቀ፤ የጻፍኩልህ ይህን ልነግርህ ነው።

አባትህ ዘውዴ ሳትወለድ ሞተ። አጎትህ ታከለ አሳደገህ፤ እንደ አገሩ ወግም በስሙ ትምህርት ቤት አስገባህ፤ በዚያው ስም ተቀጠርክ። የዘውዴን መሬት ስትረከብ ደግሞ መታወቂያህ በዘውዴ ወጣ። ዕድሜህን ሙሉ መንገድ ጠርገህ ጡረታ ስትወጣ፣ የጡረታ ቢሮ ሰዎች ሁለት ሰው ነህ አሉህ። አንዱ ጸሐፊ «እናንተ ቤት ስንት አባት ነው ያለው?» ብሎ ሲስቅ፣ አንተ ባርኔጣህን አውልቀህ ቆምክ። ታከለ የሚለው በስህተት የገባ ነው ብለህ ብትፈርም ነገሩ ይቀልልሃል ቢሉህ፣ «ያሳደገኝ ሰው ስህተት አይደለም» ብለህ ወደ ቤትህ ተመለስክ። ሳትፈርም፣ ሳይከፍሉህም ከዚህ ዓለም ሄድክ።

ካንተ በኋላ ጉዳይህን ይዤ እዚያው ቢሮ እኔ ገባሁ። «ነገ ነይ» አሉኝ። ሄድኩ፤ «ኃላፊው የሉም» አሉኝ። አንተን ያደከሙህ እንዲህ በአፍ እየመለሱ ነው። ሕግ ተምሬ ያወቅሁት ነገር ቢኖር፣ በአፍ የተባለ እምቢታ ይግባኝ እንደማይባልበት ነው። «እንግዲያው እምቢታችሁን ጽፋችሁ ስጡኝ፤ ካልጻፋችሁ ከዚህ ወንበር አልነሳም» አልኳቸው። ዘበኛው ራሱ ሰልችቶት «ስጧትና ትሂድ እባካችሁ፤ ይቺ እንደ አባቷ አይደለችም» አለ። ተሳስቷል። እንዳንተው ነኝ፤ ናዳው ሳይጠረግ አልመለስም።

የጻፉልኝን እምቢታ ይዤ ይግባኝ ሰሚዎቹ ፊት ያልኩት አንድ ነገር ነው፤ ሁለቱም ስሞች ያባቴ ናቸው፤ አንዱም ስህተት አይደለም። አብሮህ ያደገው አያ ፈንቴ ጋቢውን ደርቦ፣ በሚኒባስ ጎንደር ወርዶ መሰከረልህ። እውነተኛው አባቱ ማን ነው ብለው ቢጠይቁት፣ «ምነው ጌቶቼ፣ አንዱ ወለደው፣ አንዱ አሳደገው። ሰውየው ግን አንድ ነው። ሁለት ቢሆንማ ያን ሁሉ ናዳ ብቻውን ይገፋ ነበር?» አለ። ዳኞቹ ሳቁ። ይህኛው ሳቅ አላመመኝም።

ተፈረደልን። የዘገየብህ ሁሉ ለእማዬ እንዲከፈላት፣ ከእንግዲህም የሚገባት እንዳይቋረጥባት ታዘዘ። ውሳኔውን ሳነብላት ስንት ነው አላለችም። «ታከለን ስህተት አሉት?» አለችኝ። አላሉትም አልኳት። ያኔ እንደ መርዶው ቀን አለቀሰች።

ምነው ትንሽ ብትቆይ? ይህን ወረቀት ላንተ ነበር ማንበብ የፈለግሁት፤ ለካፖርትህ አይደለም።

ፍትሐትህ ላይ ቄሱ በክርስትና ስምህ ብቻ ጠሩህ፤ ፈጣሪህ የአባት ስም አልጠየቀህም። ሰው ግን ይጠይቃልና፣ መቃብርህ ድንጋይ ላይ ዘውዴንም ታከለንም አስቀርጻለሁ። ጭጋግ ውስጥ ክላክስ በተነፋ ቁጥርም፣ አንተ አለመሆንህን እያወቅሁ፣ ከእማዬ ቀድሜ በሩ ላይ እቆማለሁ።

ልጅህ፣
ስንዱ አድማሱ