ስለላክኸው በሬ

ጋምቤላ፣ ጥቅምት ፲፱፻፷፪ ዓ.ም.

ለወንድሜ፣

አሰላሙ አለይኩም። ጤናህ እንዴት ነው? ሚስትህና ልጆችህስ? እኔና ባለቤቴ ኢድሪስ ከነልጆቻችን አላህ ይመስገን ደህና ነን። ሰው ደብዳቤ ሲጽፍ «ከናፍቆትህ በቀር» ይላል። አንተ ግን አልናፈቅኸኝም፤ ስለዚህ ዘልዬዋለሁ።

ደብዳቤህ ደርሶኛል። ታላቅ እህትህ መሆኔን ረስተህ እንደ ተላላኪህ ታዘኛለህ። ለሟቹ ለኦሉም ሚስት ለአኬሎ የተፈረደላት ካሣ እንዲሰረዝ ይግባኝ ብያለሁ፤ ጎሬ ፍርድ ቤት ሂጂና ሾፌሬ ኦቻንግ የመኪናውን ቁልፍ ያለፈቃዴ ከሱቅሽ አንስቶ መሄዱን መስክሪ ትላለህ። አኬሎ የባሏን የዓሣ መረብ እስከ ዛሬ ከደጇ አላነሳችም። ያንተ የጭነት መኪና ሲገጨው እሱ ከባሮ ወደ ቤቱ እየተመለሰ ነበር። ኦቻንግም ፍርድ ቤት ቀርቦ እኔ ነበርሁ ነጂው ብሎ ታሰረ። ልጆችህን እንደ ልጆቼ አያለሁ ብለህ ቤቴ ውስጥ፣ እኔ እየሰማሁ፣ የማልህለት ሰው ነው። መታሰሩ አልበቃህም፣ አሁን ደግሞ ሌባ አልኸው። አያሳፍርህም?

መሄዱን ሄድሁ። ከአዲስ አበባ የላክኸው ጠበቃ በር ላይ ጠብቆ የምናገረውን እንደ ሕፃን ሲያስጠናኝ ቆየ። እኔም ሰማሁት። ገብቼ ቁርአን ይዤ ከማልሁ በኋላ ስለ ቁልፉ ጠየቀኝ። ቁልፉ ሱቄ ገብቶ አያውቅም፣ የመኪናው ባለቤት ከኪሱ አይለየውም አልሁ። ሰውየው ወረቀቱን አገላበጠ። ነገሩን ላለስልስ ብሎ ነው መሰል፣ ደንበኛዬ ደግ ሰው ናቸው፣ ለሟች ቤተሰብ በሬ መላካቸውን እስኪ ይንገሩልን አለኝ።

ያ የከተማ ሰው የኛን አገር ወግ ከየት ያውቃል! ዳኛው ግን የዚያው የጎሬ ሰው ናቸው። የሚጽፉበትን ብዕር አስቀምጠው ቀና አሉ። በሬው ምን ተብሎ እንደተላከ ጠየቁኝ። አኬሎና ዘመዶቿ አኙዋኮች ስለሆኑ የለቅሶ እርዳታ መስሏቸው አመስግነው እንደተቀበሉ ነገርኋቸው።

«እነሱን አይደለም የጠየቅሁሽ» አሉኝ። «የላከው ሰው ምን ብሎ ላከ?»

«ጉማ ብሎ» አልሁ።

ቤቱ ውስጥ ያለው ሁሉ ገባው። ጠበቃህ ብቻ ወዲያና ወዲህ ያያል። ነፍስ በእጁ የጠፋበት ሰው ከሟች ወገን ሊታረቅ ጉማ፣ የደም ካሣ፣ እንደሚያወጣ፣ እስኪታረቅም የሟቹን አገር እንደማይረግጥ ከልጅነታችን እያየን ነው ያደግነው። ለተቀጣሪው ጉማ ያወጣ ጌታ ሰምተህ ታውቃለህ? አንተ በዚያው ሳምንት አዲስ አበባ ገብተህ ይኸው እስካሁን ጋምቤላን አልረገጥህም። ጉማ ነው ብለህ ያስረከብኸውን በሬ ኢድሪስ ወደ አኬሎ ደጅ ሲነዳ፣ ነጂው አንተ መሆንህን ልቤ ያውቅ ነበር፤ ዝም ያልሁት የእናቴ ልጅ ስለሆንህ ነው። ዳኛው ሌላ ምንም አልጠየቁኝም። ኦቻንግ ከእስር ቤት መጥቶ በኅዳር ፊታቸው እንዲቀርብ አዘው ወደ ሌላ መዝገብ አለፉ።

አሁን እህቴ አጠፋችኝ ትል ይሆናል። ማን ይግባኝ በል አለህ? ዝም ባለ አፍ ዝንብ አይገባም። የተፈረደላትን ካሣ ከፍለህ ብትቀመጥ ኖሮ በሬውን ማን ያነሳው ነበር? ከአንዲት መበለት አፍ ልትነጥቅ ስትል ራስህን አስያዝህ። እኔን የሚገርመኝ ግን በሬውን መላክህ ነው። አፍህ ሲዋሽ ልብህ እንቢ ብሎሃል ማለት ነው። ባንተ ተስፋ እንዳልቆርጥ የያዘኝም ይኸው ነው።

ከጎሬ እንደተመለስሁ ስንቅ ይዤ እስር ቤት ኦቻንግ ዘንድ ሄድሁ። በኅዳር ዳኛው ፊት ትቀርባለህ፣ የሚያውቁት ነገር አለ፣ እውነቱን ተናገር አልሁት። ደስ ይለዋል ብዬ ነበር። እሱ ግን ራሱን ነቀነቀ።

«እትዬ፣ እኔ ለጋሼ ቃል ሰጥቻለሁ» አለኝ። «እሱም ለእኔ ሰጥቷል። ልጆቼን እያበላ ነው አይደል?»

ከሄድህ ጀምሮ አንድ ቁና እህል አልላክህላቸውም። የሚበሉት ከኔ ልጆች ጋር ነው።

«እያበላ ነው» አልሁት።

ውሸቴን እውነት የምታደርግበት ልብና ዕድሜ አላህ ይስጥህ። አሚን።

እህትህ