ሜይ ሠላሳ አንድ የተወለድን

ኦታፓላም፣ ጁን 1

ውድ አባቴ፣

ትናንት ማዕድ ቤቱ በር ላይ ክንዴን ይዘህ «ማን ነገረሽ?» ብለህ ጠየቅኸኝ። እንግዳ ስለነበረ ዝም አልኩ። ዛሬ ልመልስልህ።

ወደ ቤታችን የመጣኸው ወደህ እንዳልሆነ አውቃለሁ። ጥለኸን ከወጣህ ዘጠኝ ዓመትህ ነው፤ ለሥራ ባልደረቦችህ ግን ትንፍሽ አላልክም። እነሱም ጡረታ ለሚወጣ ሰው እንደ ወጉ የአበባ ጉንጉን አንገትህ ላይ አጥልቀው፣ ጂፕ ተከራይተው፣ መዝገብህ ላይ ወዳለው አድራሻ ሸኙህ። ስትወርድ ፊትህን አየሁት። በራችን ወደ ውስጥ ይከፈት ወደ ውጭ ጠፍቶህ ነበር።

እማዬ የምትሰፋውን የሳሪ ሸሚዝ የስፌት መኪናው ላይ ትታ ወጣች። እኔ ብርጭቆ ልዋስ ጎረቤት ሮጥኩ። ሂሳብ ሹሙ ራጃፓን ሻዩን ፉት እያለ፣ «እትዬ ቪላሲኒ፣ እንግዲህ ጋሼን ተረከቢን! ሠላሳ ዓመት ጠብቀንልሻል። ከዛሬ ጀምሮ ዕቃ ማጠብ የሱ ነው» አላት።

«ካገኘሁት መች ጠላሁ» አለች እማዬ።

ሁሉም ሳቁ። አንተም ሳቅህ። ከዚያ ማዕድ ቤት ድረስ ተከተልከኝ።

«የጡረታ ገንዘቤ እግድ ጠዋት ቢሮ ደረሰ። ምን አድርጌሽ ነው፣ ልጄ? በሽኝቴ ቀን? ገንዘቡ እኮ ለቤት ቃል የገባሁበት ነው።»

«ለየትኛው ቤት?»

«እናትሽ የምታውቀው ኖቬምበርን ነው። ማን ነገረሽ?»

እውነት ነው፣ እማዬ የምታውቀው ኖቬምበርን ነው። የተወለድክበት ወር ስለሆነ በየዓመቱ ሩዝ በወተትና በስኳር ትሠራልህ ነበር፤ ከሄድክ በኋላም ሁለት ጊዜ ሠርታለች። አምሳ ስድስት ሞልቶህ ጡረታ የምትወጣውም ያኔ ስለመሰላት ለጠበቃችን «ገና ጊዜ አለን» ትለው ነበር። ባለፈው የፍርድ ቤት ቀጠሮ ይህንኑ ስትናገር አጠገቧ ቆመህ ሰምተሃል። አላረምካትም። ፍርድ ቤት የቆረጠላትን ቀለብ አራት ወር ብቻ ከፍለህ አቁመሃል። የጡረታ ገንዘብህን በአንድ ጊዜ አንስተህ ብትሄድ ውዝፉን ከማን ትጠይቅ? ዓይኗ ክር መርፌ ውስጥ ማስገባት እያቃተው ነው።

እኔ ግን ትምህርት ቤት የገባሁበትን ቀን አልረሳሁም። አምስት ዓመት ሊሞላኝ አምስት ወር ይቀረኝ ነበር። በዚያ ሁሉ ዝናብ ትከሻህ ላይ አድርገህ ወሰድከኝ። ርዕሰ መምህሩ «ሞልቷታል?» ሲልህ፣ «ትናንት ሞላት! ሜይ ሠላሳ አንድ!» አልከው።

«የኬራላ ልጅ ሁሉ ትምህርት ቤት ሊከፈት ሲል ነው የሚወለደው» ብሎ እየሳቀ መዘገበኝ።

ስንመለስ ጆሮዬ ላይ ተጠግተህ፣ «አባቴም እኔን እንዲሁ ነው ያስገባኝ፤ ለማንም እንዳትናገሪ» አልከኝ። ሃያ ዓመት አልተናገርኩም።

ከሁለት ሳምንት በፊት የሥራ ማመልከቻ ስሞላ፣ የልደት ቀን የሚለው ላይ ስደርስ እጄ ቆመ። የመንግሥት መዝገብ የሚያውቀው ያንተም ልደት ይኸው ነው፤ ጡረታ የምትወጣውም በኖቬምበር ሳይሆን በዚሁ ቀን። ቅጹን ሳልጨርስ ጠበቃው ዘንድ ሮጥኩ። ዳኛዋ እግዱን የሰጠችው ልትወጣ ሁለት ቀን ሲቀርህ ነው።

የነገርከኝ አንተ ነህ፣ አባዬ። ያን ቀን የዋሸኸው ለእኔ ብለህ ነበር። ዘጠኝ ዓመት ልጠላህ ስሞክር እዚያች ዝናብ ላይ እየደረስኩ እመለሳለሁ፤ ደከመኝ። እግዱን ግን አላነሳም። ሰው ላክ፣ አልቅስ፣ ራጃፓንን አምጣ፤ አላነሳም።

ጂፑ እስኪርቅ በራችን ላይ ቆመህ እጅህን አወዛወዝክላቸው። ከዚያ ጉንጉኑን አውልቀህ፣ ወደ ውስጥ እንኳ ሳትዞር፣ ወደ አውቶቡስ ማቆሚያው ሄድክ። እማዬ በመስኮት አየችህ። ብርጭቆዎቹን ያጠበችው እሷ ናት።

ቀጠሯችን ጁን አሥራ ዘጠኝ፣ ጠዋት ነው። ዝናብ አይቀርምና ጃንጥላ ያዝ።

ሜይ ሠላሳ አንድ ያስወለድካት ልጅህ፣
ሊጂሻ